ሦስት ጊዜ የተቋረጠው ፊልም

ዛሬ ከልጄ ጋር አንድ ፊልም ለማየት ሦስት ጊዜ ተቀመጥን፤ ሦስት ጊዜም ተነሣን። ልጄ ኤዲኤችዲ የሚባለው የትኩረት ችግር አለበት።

ድሮ የምመርጥለት ጩኸት የበዛበት፣ ትዕይንቱ በየሰከንዱ የሚቀያየር ካርቱን ነበር። ዓይኑን ስለማይነቅል «ተረጋጋልኝ» እያልኩ ራሴን አታልል ነበር። ቴሌቪዥኑ ሲጠፋ ግን ቤቱ ይገለባበጣል። እ.ኤ.አ. በ2011 የታተመ አንድ ጥናት፣ የ4 ዓመት ልጆች ፈጣን ካርቱን ለ9 ደቂቃ ብቻ ካዩ በኋላ፣ ሥዕል ሲስሉ ከቆዩት እኩዮቻቸው ይልቅ ራስን በመግዛትና በማሰብ ፈተናዎች ደክመው መገኘታቸውን አሳይቷል። ጥናቱ ስለ ኤዲኤችዲ አልነበረም፤ እኔ ግን የራሴን ቤት አየሁበት።

የዛሬው ፊልም ዝግ ያለ ነው፤ ገጸ ባሕርያቱ ጥቂት፣ ታሪኩም አንድ ብቻ። በየ20 ደቂቃው አቆምኩት፤ ዘለለ፣ ውኃ ጠጣ፣ ተመለሰ። መጨረሻውንም አስቀድሜ ነገርኩት። ለእኔ ቢሆን ፊልሙን ማበላሸት ነው፤ ለእርሱ ግን እፎይታ ነው። «ዝም ብለህ ተቀመጥ» ማለቱንም ትቻለሁ፤ ቆሞ፣ ኳስ በእጁ እየጨመቀ ያያል።

በመሐል ድንገት ጮኸ፦ «እማዬ፣ ውሻው የጠፋው እኮ በሩን ስላልዘጉት ነው!»

እኔ በሩን ልብ አላልኩትም ነበር። የቀረውን ለነገ አቆይተነዋል።