ትሉ የለም፣ ማሳከኩ ግን አለ

ይህን እያነበባችሁ አንገታችሁን ወይም ክንዳችሁን ካከካችሁ አትደንግጡ። ስለ ማሳከክ ማውራት ብቻውን ያሳክካል። ተመራማሪዎች ስለ ቁንጫና ስለ ቅማል ንግግር እያደረጉ ታዳሚውን በድብቅ ቀርጸው አይተውታል፣ አዳራሹ ራሱን ሲያክ ነው ያመሸው። እኔም ይህን ስጽፍ ጀርባዬ አላስቀምጥ ብሎኛል።

ሞርጌሎንስ ስለሚባለው ነገር ነው የማወራው። በሽታ ነው አይደለም የሚለው ራሱ ጠብ ነው። አለብን የሚሉት ሰዎች ከቆዳችን ሥር የሆነ ነገር ይርመሰመሳል፣ ይነክሰናል፣ ይወጋናል ይላሉ። ቁስል ይወጣል፣ አልድን ይላል፣ ከቁስሉ ደግሞ ሰማያዊ፣ ቀይ፣ ጥቁር ክር ይመዘዛል። እንቅልፍ የለም። ድካም አለ፣ ነገር መርሳት አለ። ሐኪም ዘንድ ሲሄዱ ደግሞ "ምንም የለም" ይባላሉ።

ስሙ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2002 አሜሪካ ውስጥ ነው። ፔንሲልቬኒያ የምትኖር ሜሪ ሌይታኦ የምትባል እናት በትንሽ ልጇ ከንፈር ሥር ካለ ቁስል ክር አገኘሁ አለች። ከሐኪም ሐኪም ብትዞርም የሚያምናት አጣች። ስሙን የወሰደችው ከ17ኛው ክፍለ ዘመን እንግሊዛዊ ሐኪም፣ ከሰር ቶማስ ብራውን ደብዳቤ ነው። ብራውን የጻፈው ፈረንሳይ አገር ጀርባቸው ላይ ሻካራ ፀጉር ስለሚወጣባቸው ሕፃናት ነበር፤ ከእሷ ልጅ ጋር የሚያገናኘው ነገር የለም፣ ስሙ ግን ተጣበቀ። ከዚያ ድርጅት አቋቋመች፣ የቀረውን ኢንተርኔት ጨረሰው። በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች "እኔም እኮ!" አሉ። ታዋቂዋ ዘፋኝ ጆኒ ሚቼል ሳትቀር እንዳለባት በአደባባይ ተናግራለች።

ጩኸቱ ሲበዛ ሲዲሲ፣ ማለትም የአሜሪካ የበሽታ መቆጣጠሪያና መከላከያ ማዕከል፣ ሰሜን ካሊፎርኒያ ላይ ጥናት ጀመረ። 115 ሰዎች ተለዩ። ከመቶው 77ቱ ሴቶች ናቸው፣ መካከለኛ ዕድሜያቸው 52 ዓመት። ውጤቱ በ2012 ወጣ፦ ጥገኛ ተውሳክ የለም፣ ተላላፊ ጀርምም አልተገኘም። ክሩ ቤተ ሙከራ ገብቶ ሲታይ አብዛኛው ጥጥ ነው። ልብስ ላይ ያለው ጥጥ። ከተመረመሩት ውስጥ ግማሽ ያህሉ ፀጉራቸው ላይ የመድኃኒት ወይም የዕፅ ምልክት ነበረበት። ሰዎቹ ውጤቱን ሲሰሙ አመኑ ወይ? ወይ ፍንክች!

የክሩን ነገር ትንሽ ልቆይበት፣ ምክንያቱም ሰውን የሚያሳምነው እሱ ነው። የታከከ ቁስል ያዣል። እዡ ሲደርቅ ሙጫ ነው። ሸሚዝ፣ አንሶላ፣ ፎጣ ያገኘውን ሁሉ ይይዛል። ቅርፊቱ በላዩ ይጋገርና ሰውየው በወረንጦ ሲነቅለው ክሩ ከሥጋው ውስጥ የወጣ ይመስላል። የማውቃት አንዲት ሴት ስልኳን አውጥታ ፎቶዎቿን አሳይታኛለች። አጉልታ፣ እንደገና አጉልታ "አየኸው? እግሩን አየኸው?" ትለኛለች። እኔ የማየው ጥቁር ክር ነው። እሷ የምታየው ሕይወት ያለው ነገር ነው። ክንዷና ደረቷ በቁስል ተሸፍኗል፣ እጇ የማይደርስበት የጀርባዋ መሐል ግን ጥርት ያለ ነው። ቁስሉ ከማከኩ የመጣ መሆኑን ስለሚጠቁም ሐኪሞችም መጀመሪያ የሚያዩት ይህንን ነው።

ነገሩ በሕክምናው ዓለም አዲስ አይደለም። ኤክቦም የሚባል ስዊድናዊ ሐኪም በ1930ዎቹ ገና ጽፎበታል። ታካሚዎቹ "ትሉን ያዝኩት" ብለው በክብሪት ቀፎ ቆዳና ክር ይዘው ስለሚመጡ፣ የክብሪት ቀፎው ራሱ የምርመራ ምልክት ሆኖ ቀረ። ዛሬ ቀፎውን ስልክ ተክቶታል። አብዛኞቹ የቆዳ ሐኪሞች ሞርጌሎንስ የዚሁ ዘመድ ነው ይላሉ፤ ተውሳክ አለብኝ የሚል፣ ማስረጃ የማያናውጠው እምነት። መንስኤው በመዥገር የሚተላለፈው የላይም በሽታ ባክቴሪያ ነው የሚሉ ጥቂት ተመራማሪዎችም አሉ፣ ግን ሐሳባቸው በሕክምናው ዓለም ተቀባይነት አላገኘም።

እኔ ከሐኪሞቹ ወገን ነኝ። የሚያናድደኝ ግን "ምንም የለም" የምትለዋ ነገር ናት። ትል የለም ማለትና ምንም የለም ማለት ለየቅል ናቸው። እግሩ የተቆረጠ ሰው እንኳ የሌለው ጣቱ ያሳክከዋል፣ ያንን ሰው ውሸታም የሚለው የለም። ማሳከክን የሚሠራው ነርቭና አንጎል ነው፣ ትል ኖረም አልኖረም። ደግሞም የመርመስመስ ስሜት የሚያመጣው ብዙ ነው፦ የቫይታሚን ቢ12 እጥረት፣ ታይሮይድ፣ ስኳር፣ ኩላሊት፣ ጉበት፣ ማረጥ፣ አንዳንድ የፓርኪንሰን መድኃኒት፣ ኮኬይንና ሜታምፌታሚን፣ አልኮል በድንገት ማቆም። እውነተኛ እከክም አለ፤ ሌሊት ይብሳል፣ አብሮ የሚተኛ ሰውንም ይይዛል። ይህ ሁሉ ሳይታይ፣ ደም ሳይመረመር፣ በአምስት ደቂቃ "ጭንቀት ነው" ተብሎ የተሸኘ ሰው ወዴት ይሂድ? ኢንተርኔት ላይ "እኛ እናምንሃለን" የሚሉት ይጠብቁታል። እዚያ ደግሞ በበረኪና ታጠብ የሚል አለ፣ የከብት የትል መድኃኒት ዋጥ የሚል አለ፣ ለወራት አንቲባዮቲክ የሚያስወስድ አለ። ቆዳው ያኔ በእርግጥ ይታመማል።

የሚያስቆጨው፣ የሚረዳ መድኃኒት አለ። ሪስፐሪዶን ወይም ኦላንዛፒን በትንሽ መጠን ሲሰጥ ብዙ ሰው ይሻለዋል። ችግሩ እነዚህ የአእምሮ ሕመም መድኃኒቶች መሆናቸው ነው። አንዳንድ ሐኪም ይህን ሳይናገር አዝዞ ይሸኛል። ሰውየው ቤቱ ገብቶ ካርቶኑ ውስጥ ያለችውን ወረቀት ሲያነብ "ስኪዞፍሬኒያ" የሚል ያገኛል። "እብድ ነው ያለኝ ለካ!" ብሎ ይወረውረዋል፣ ሁለተኛም አይመለስም። መጀመሪያውኑ ያመጣውን ክር ተቀብሎ በማይክሮስኮፕ አይቶ፣ ያየውን ሳይሸፋፍን ነግሮት፣ ከዚያ "ይህ መድኃኒት ለአእምሮ ሕመም ይሰጣል፣ ለዚህ ዓይነት ማሳከክም ይረዳል፣ ምክንያቱ ላይ ባንስማማም እስቲ ሞክረውና የተሰማህን መጥተህ ንገረኝ" ቢለው ምን ነበረበት?