ገዳዩን እንዳትነግሩኝ

ዛሬ ከምሳ በኋላ ቡና ይዘን ስለምናነባቸው የወንጀል ልብወለዶች ስናወራ ሰዓቱ ሄደብን። እኔ የያዝኩት የአጋታ ክሪስቲን የመጀመሪያ ልብወለድ ነው፤ እንደ ፈረንጆቹ በ1920 የወጣውን። "እሷ እኮ መርዝ ታበዛለች" አለችኝ የሥራ ባልደረባዬ። እውነቷን ነው። ግን ክሪስቲ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ሆስፒታል ውስጥ መድኃኒት ስታዘጋጅ ነበር፤ መርዙን ታውቀዋለች።

እኔን የሚይዘኝ ደሙ አይደለም፣ ፍንጩ ነው። በመጽሐፉ ውስጥ የሟቿ ክፍል ወለል ላይ እንደ ዱቄት የደቀቀ የቡና ስኒ አለ። አንድ ሰው ሆን ብሎ ረግጦታል። ለምን? ከትናንት ማታ ጀምሮ ከአእምሮዬ አልወጣም። ፊት ለፊቴ ተቀምጧል፣ አልፈታሁትም። እንደዚህ ሲሆን ነው ደስ የሚለኝ።

ባልደረባዬ መጨረሻውን ልትነግረኝ ስትል እጇን ያዝኩ። በናትሽ፣ ተይው! ትንሽ ነው የቀረኝ፤ ዛሬ ማታ ሳልጨርሰው አልተኛም።