ካሜራውን ያጠፋሁበት ማለዳ

ባለታሪኬ ከአልጋ መነሣት ያልቻለች ልጃቸውን ለብቻቸው የሚያስታምሙ እናት ነበሩ። ዘጋቢ ፊልሙን ሁለት ዓመት ያህል ስቀርጽ የያዝኩት ደንብ አንድ ነበር፦ አያለሁ እንጂ እጄን አላስገባም። አንድ ማለዳ ባዶውን የመድኃኒት ብልቃጥ ደጋግመው ሲያራግፉ ካሜራዬ ይቀርጽ ነበር። ግሩም ምስል እንዳገኘሁ ወዲያው ታወቀኝ፤ ይህ መታወቁ ራሱ አስደነገጠኝ። ካሜራውን አጥፍቼ ወጣሁ፤ መድኃኒቱንም ገዝቼ ተመለስኩ።

በዚህ አልጸጸትም። በ1994 እ.ኤ.አ. ለእይታ የበቃውን «ሁፕ ድሪምስ» የተሰኘ የአሜሪካ ዘጋቢ ፊልም የሠሩት ባለሙያዎችም የአንዱ ባለታሪካቸው ቤት መብራት ተቆርጦ ሳለ ከፍለው አስቀጥለዋል። ሰው ሲቸገር ቆሞ መቅረጽን ሙያዊ ገለልተኝነት ብዬ ልጠራው አልችልም።

ጥፋቴ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። እኒህ እናት ቀድሞ ልጃቸውን ሲያጥቡ በሩን ይዘጉብኝ ነበር። ከመድኃኒቱ ወዲህ ግን በሩ ክፍት ሆነ፤ «ይህን አትቅረጽ» ብለውኝም አያውቁም። አመኑኝ ብዬ ተደሰትኩ። ከወራት በኋላ ቀረጻውን በተርታ ስመለከት ግን በሩን የከፈተው እምነት ሳይሆን ውለታ እንደሆነ ገባኝ። የፈቃዱን ወረቀት የፈረሙት እምቢ ማለት በሚችሉበት ጊዜ ነበር። ያንን አቅም ሳላስበው ወስጄባቸዋለሁ።

አርትዖቱም ሌላ ወጥመድ ነበረው። ከባዶው ብልቃጥ በቀጥታ ልጅቷ ተሽሏት ወደምትታይበት ምስል ብሻገር፣ ተመልካቹ እናትየው እንደምንም ተወጡት ብሎ ያምናል። ስለዚህ መድኃኒቱን የገዛሁት እኔ መሆኔን በራሴ ድምፅ በአንድ ዓረፍተ ነገር ተናገርኩ።

ፈቃዱን እንደገና የጠየቀችው ምንም ውለታ ያልዋለችላቸው የድምፅ ባለሙያችን ናት፤ እኔ ከክፍሉ ወጣሁ። እርዳታው ከፊልሙ ጋር እንደማይገናኝ አስረዳቻቸው፤ ገና ያላለቀውን ፊልምም አሳየቻቸው። ዛሬ በየትኛውም ሥራዬ እርዳታ በሰጠሁ ቁጥር ፈቃዱ በሌላ ሰው እንደገና ይጠየቃል። ምን ዓይነት ችግር ሲመጣ ካሜራ እንደሚጠፋም ከመጀመሪያው የቀረጻ ቀን በፊት ከባለታሪኩ ጋር እንነጋገራለን።

እናትየው ለእኔ አንድም ቀን ያልነገሩኝን ለድምፅ ባለሙያዋ ነገሯት፦ «ልጄ ስትታጠብ ሰው እንዲያያት አልፈልግም።» ሦስት ትዕይንቶች ከፊልሙ ወጡ። አንደኛው በሕይወቴ ከቀረጽኩት ሁሉ ይበልጥ የምወደው ነበር፤ ቅጂውን ለእናትየው ሰጥቼ የእኔን አጠፋሁት።