ኪኔዙ የታለ?

እኛ አገር «የማን ልጅ ነህ?» ሳትባል አትውልም። በተለይ መንዝ ብትሄድ በአባትም በእናትም ቆጥረው ቆጥረው የሆነ ቦታ ላይ ዘመድ ያደርጉሃል። ፕሮቲንም እንዲህ መጠየቅ እንዳለበት የገባኝ ግን ሰው ፊት ካፈርኩ በኋላ ነው።

ቤተሰቦቼ ከደብረ ብርሃን ወጣ ብለው ባቄላ ይዘራሉ። ቆርሚድ የሚባለው የባቄላ በሽታ የገባበትን ማሳ ያየ ያውቀዋል፤ ቅጠሉ ያባብጥና ይጨማደዳል፣ ከዚያ ይጠቁራል። ለማስተርስ ስራዬ የባቄላን መከላከያ ፕሮቲኖች የመረጥኩት ለዚህ ነው። ከዝርዝሬ አንዷን፣ 270 አሚኖ አሲድ ያላትን፣ ብላስት በሚባለው፣ የሚመሳሰሉ ፕሮቲኖችን ፈልጎ በሚያመጣው ፕሮግራም ላይ ጣልኳት። ከላይ የመጣው ውጤት «ሪሴፕተር ኪኔዝ» ይላል፤ ምልክት ተቀብሎ ሌሎች ፕሮቲኖች ላይ ፎስፌት የሚለጥፍ ኢንዛይም ማለት ነው። ደስ አለኝ! ኮፒ፣ ፔስት፣ ስላይድ ላይ ለጠፍኩት።

ገና ስላይዱን ሳልቀይር አንድ መምህር «ኪኔዙ የታለ?» አሉኝ። ዝም።

ማታ ያቺኑ ሲኩዌንስ፣ ማለትም የአሚኖ አሲዶቿን ቅደም ተከተል፣ ኢንተርፕሮ የሚባል ዳታቤዝ ላይ ጫንኳት። በ1999 እ.ኤ.አ. የተጀመረ ነው። ፒፋም፣ ፕሮሳይት፣ ፓንተር፣ ስማርት የሚባሉትን ጨምሮ ከአስር በላይ ዳታቤዞች የፕሮቲን ቤተሰቦችን በየራሳቸው መንገድ ይለያሉ፤ ኢንተርፕሮ ደግሞ ስለ አንድ ነገር የሚያወሩትን ለቅሞ አንድ ላይ ያስቀምጣቸዋል። እኔ የወደድኩት የቱ ጋ እንደሚገጥም ማሳየቱን ነው። ሲኩዌንሷ እንደ መስመር ተዘርግታ ከስሯ ባለቀለም ዘንጎች ይደረደራሉ። የእኔዋ ላይ፣ መጀመሪያዋ አካባቢ ካለችው ትንሽ ቁራጭ በቀር፣ ዘንጎቹ ሁሉ የሚሉት አንድ ነገር ነው፦ የጥራጥሬ ሌክቲን። ስኳር የሚይዝ ፕሮቲን ማለት ነው። ኪኔዝ ዶሜይን፣ ማለትም የኪኔዙን ስራ የሚሰራው የፕሮቲኑ ክፍል፣ ብቻውን 250 አሚኖ አሲድ ገደማ ይፈልጋል፤ ታዲያ የት ትሸሽገው?

ለካ ከሴሉ ውጪ ሌክቲን፣ ውስጥ ደግሞ ኪኔዝ ያላቸው ረጃጅም ፕሮቲኖች አሉ። ብላስት ያገጠመልኝ የሌክቲኑን በኩል ብቻ ነበር፣ እኔ ሙሉ ስሙን አነሳሁ። አጎቱ ቀኛዝማች ስለነበሩ ልጁን ቀኛዝማች ብሎ እንደመጥራት ነው።

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። ዩኒፕሮት በሚባለው የፕሮቲኖች መዝገብ ላይ ግን አብዛኛውን ስም የሚያወጣው ኮምፒውተር ነው፤ ሰው አይቶ ያጸደቀው ስዊስ-ፕሮት ከ500,000 በላይ ነው፣ በማሽን የተሰየመው ትሬምብል ከ100 ሚሊዮን በላይ። ማሽን መጥፎ ነው እያልኩ አይደለም፤ ዩኒፕሮት ራሱ በኢንተርፕሮ መለያዎች ላይ ተመስርቶ ህግ እያወጣ ነው ብዙውን የሚሰይመው። መጥፎው እንደኔ የአንዱን ስም ለሌላው እየገለበጡ መሄድ ነው፤ ነገ ደግሞ ሌላው ከእኔ ይገለብጣል።

አንድ ነገር ልብ በሉ፤ ውጤቱ «ፋሚሊ» ይላል ወይስ «ዶሜይን»? ፋሚሊ ዘሯን ይነግርሃል፣ ዶሜይን ግን አንድ ብልቷን ብቻ። የእኔዋም ስኳር ትይዛለች ተባለ እንጂ ቆርሚድን ትከላከላለች ያለ የለም። እሱን ማሳ ላይና ላብራቶሪ ነው የማየው።

ስላይዱን «የጥራጥሬ ሌክቲን ዶሜይን ያለው ፕሮቲን» ብዬ አረምኩት። ረጅም ነው፣ አያምርምም። ገና 41 ይቀሩኛል፤ መብራት ካልሄደ ዛሬ ማታ እጭናቸዋለሁ።