ትንበያውን የሚሰማ ገበያ

ሰኞ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ የውጭ ምንዛሪ ተመን በገበያ እንዲወሰን ማድረጉን ሲያስታውቅ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በዕለቱ በንግድ ባንክ ከ74 ብር በላይ ሆነ። እኔ ግን ከዚያ ሳምንት ይበልጥ የማስታውሰው ማታ ማታ የምከታተላቸውን ተንታኞች ነው። ዘይት በእጥፍ ይጨምራል፣ ዱቄት ይጠፋል ሲሉ፣ «ሊሆን ይችላል» ማለትን ትተው «ይሆናል» ይሉ ነበር።

በማግስቱ ጠዋት እዚሁ አዳማ፣ በሰፈሬ ወዳለው ሱቅ የሄድኩት እንደ ወትሮዬ አንድ ሳይሆን ሦስት ባለ አምስት ሊትር ዘይት ልገዛ ነበር። ከፊቴ የቆሙትም እንደዚያው ነበሩ። ባለሱቁ ሁለት ሰጥቶኝ፣ «ጋሼ፣ ነገ በስንት እንደማመጣው ስለማላውቅ የቀረውን ላቆየው» አለኝ። ከሰዓት በኋላ መደርደሪያው ባዶ ሆነ፤ ማታ ደግሞ የባዶ መደርደሪያ ፎቶ የትንበያው ማስረጃ ተብሎ በየስልካችን ተዘዋወረ። ከጅቡቲ የሚመጡት ከባድ መኪናዎች ግን ያን ቀንም ከተማችንን እያቋረጡ ወደ ሞጆ ደረቅ ወደብ ያልፉ ነበር።

የብር መዳከም ከውጭ የሚገባውን ዕቃ ማስወደዱ እንደማይቀር አልክድም። ሆኖም በዚያ ቀን የተሻማነው ዘይት በቀድሞው ምንዛሪ የገባ ነበር።

የአየር ጠባይ ባለሙያ ነገ ይዘንባል ቢል ደመናው አይሰማውም፤ ስለ ዋጋ የሚነገረውን ግን ሻጭም ገዢም ሰምቶ ስለሚንቀሳቀስ፣ ትንበያው ራሱ ከምክንያቶቹ አንዱ ይሆናል። አሜሪካዊው የማኅበረሰብ ተመራማሪ ሮበርት መርተን እ.ኤ.አ. በ1948 ይህን ራሱን በራሱ የሚፈጽም ትንቢት ሲል ጠርቶ፣ ይከስራል የሚል ወሬ ስለ ጣለው ጤነኛ ባንክ በምሳሌ ጽፏል። እ.ኤ.አ. በ1973ም የነዳጅ ቀውስ በተነሣ ጊዜ ጃፓናውያን የመጸዳጃ ወረቀት ያልቃል ብለው ሰልፍ ያዙ፤ ጋዜጦች የኦሳካን አካባቢ ሰልፍ ሲዘግቡ ሽሚያው ወደ ሌሎች ከተሞች ተዛመተ፣ ምርቱ ግን አልቀነሰም ነበር።

ስለዚህ መገናኛ ብዙኃን ዝም ይበሉ አልልም። ይጨምራል የሚል ተንታኝ በምን ያህል ጊዜ፣ በየትኛው ዕቃ ላይ፣ በምን መነሻ እንደሆነ ይጠየቅ፤ በመጋዘን ያለው ክምችትም አብሮ ይነገር። ያን ሳምንት ሁለቱ ዘይቶች ቤቴ ተቀምጠው ሳለ፣ ቡና አፍልታ የምትሸጠውና ዘይት በሩብ ሊትር የምትገዛው ጎረቤቴ ከዚያው ሱቅ ባዶ ጠርሙሷን ይዛ ስትመለስ አይቻታለሁ።