ከአይሱዙ ወደ ተሳቢ፦ ሾፌሩ ከመሪው በፊት አየሩን ይማር

አዳማ ላይ የጭነት ሾፌር ማግኘት አይከብድም። ከተማዋ ለሞጆ ደረቅ ወደብ ጎረቤት፣ ለጅቡቲ መንገድ ደግሞ በር ናት፤ ጋራዡም፣ ጎሚስታውም፣ ረዳቱም እዚሁ ነው። የሚከብደው አይሱዙ ሲነዳ የኖረን ሰው ወይም ዓመታት በረዳትነት የቆየን ልጅ 400 ኩንታል የጫነ መኪና ከነተሳቢው ማስረከብ ነው። አብዛኛው ባለንብረት ይህን ሽግግር በአንድ ምልልስ ይጨርሰዋል፦ "አንዴ ከነባሩ ጋር ጅቡቲ ደርሶ ይመለስና ይረከባል" ይባላል። በዚያ ምልልስ ልጁ መንገዱን ይማራል። የት እንደሚበላ፣ የት እንደሚታደር፣ ኬላው ላይ ምን ወረቀት እንደሚጠየቅ ያውቃል። መኪናውን ግን አያውቀውም። ሦስት ቀን መኪናው ቆሞ ሥልጠና ቢሰጥ፣ ከዚያ በኋላ የሚደረገው ምልልስ እጥፍ ያስተምራል።

የመጀመሪያው ቀን ሙሉ ለሙሉ የፍሬን አየር ይሁን። ምክንያቱ ቀላል ነው። የትንሹ አይሱዙ ፍሬን በዘይት ይሠራል፤ እግር ሲረግጥ ዘይቱ ይገፋል፣ ዘይቱ ከፈሰሰ ፍሬን የለም። የከባዱ መኪና የእጅ ፍሬን ግን ተቃራኒ ነው። የሚይዘው ኃይለኛ ሞላ ነው፤ አየር የሚገባው ሞላውን ጨምቆ ጎማውን ለመልቀቅ ነው። አየር ሲያልቅ መኪናው ይያዛል። ይህን ያልገባው ሾፌር አየር ሳይሞላለት "ለምን አልንቀሳቀስ አለ" ብሎ ጋዝ ይሰጣል፣ ወይም መንገድ ላይ አየር ሲያንሰው ጩኸቱን ችላ ብሎ ይነዳል፤ በመጨረሻ ሞላው ያልጠበቀው ቦታ ላይ ይይዝበታል። እዚህ ላይ ሳይታለፍ መነገር ያለበት ነገር አለ፦ አሮጌ ተሳቢዎች ላይ ይህ ሞላ ላይኖር ይችላል። እነሱን አቁሞ የሚይዛቸው በራሳቸው ታንክ ውስጥ የቀረው አየር ብቻ ነው፤ ሌሊቱን አየሩ ሲያልቅ ጎማው ነጻ ይሆናል። ስለዚህ ተፈትቶ የሚቆም ተሳቢ ያለ ታኮ፣ ማለትም ጎማ እንዳይንከባለል ሥሩ ከሚደረግ ሽብልቅ ውጭ፣ አያድርም። ድንጋይ ታኮ አይደለም፤ ድንጋይ ይንከባለላል፣ ሲነሳም መንገድ ላይ ቀርቶ የሌላውን ጎማ ይጠብቃል።

የአየር ፍተሻው እንዲህ ነው። ሜዳ ቦታ ላይ ታኮ ይደረግና ሞተሩ ተነስቶ አየሩ ይሞላ፤ ብዙዎቹ መኪኖች 8 ባር (ባር የአየር ግፊት መለኪያ ነው) አካባቢ ደርሰው "ጺ" ብለው ይተነፍሳሉ። ሰልጣኙ ያ ድምፅ ስንት ላይ እንደተሰማ ጮክ ብሎ ይናገር። ከዚያ ሞተር ይጠፋል፣ የእጅ ፍሬን ይለቀቃል፣ አንድ ደቂቃ በሰዓት ይቆጠራል። ተሳቢ ለያዘ መኪና በአሜሪካ የከባድ መኪና ፈተና ላይ የሚፈቀደው መቀነስ በደቂቃ 0.2 ባር ገደማ ነው። ቀጥሎ ፔዳሉ እስከ መጨረሻው ተረግጦ ይያዝና ሌላ አንድ ደቂቃ ይቆጠር፤ የመጀመሪያው መውረድ ካለፈ በኋላ ከ0.3 ባር በላይ መቀነስ የለበትም። ረዳቱ በዚህ ደቂቃ ከመኪናው ጎን ጎን እየሄደ ያዳምጥ። የአየር መፍሰስ የሚታይ ነገር ሳይሆን የሚሰማ ነገር ነው፤ ግቢው ውስጥ ሌላ ሞተር ወይም ራዲዮ እየጮኸ የሚደረግ ፍተሻ ዋጋ የለውም። የተጠረጠረ መገጣጠሚያ ላይ የሳሙና አረፋ ሲደረግ ቦታው ራሱን ያሳያል።

ሳያቆሙ ይቀጥሉ፦ ቁልፉ ተከፍቶ፣ ሞተር ሳይነሳ፣ ፔዳሉ ደጋግሞ ይረገጥ። ግፊቱ ከ4 ባር ገደማ በታች ከመውረዱ በፊት የማስጠንቀቂያው ጩኸት ወይም መብራት መምጣት አለበት። ጩኸቱ ስለሚያስቸግር ሽቦው የተነቀለበት መኪና ካጋጠመ ሥልጠናው እዚያው ይቁምና ሽቦው ይቀጠል። የዚያን ድምፅ ትርጉም ሳያውቅ የሚያድግ ሾፌር መፍጠር ይቅር የማይባል ነገር ነው። መጨረሻ ላይ ሞተሩ ይነሳና ከ5.9 ወደ 6.9 ባር ለመድረስ ስንት ሰከንድ እንደሚፈጅ ይለካ። ከ45 ሰከንድ በላይ ከፈጀ ኮምፕሬሰሩ ደክሟል፣ ማጣሪያው ተደፍኗል ወይም የሆነ ቦታ ይፈሳል።

የአየር ታንኩን ውሃ በየቀኑ ማፍሰስም እዚሁ ይገባል። የጅቡቲ አየር እርጥበት የበዛበት ስለሆነ ሲጨመቅ ውሃ ይተዋል፤ ከዚያ የሚመለስ መኪና ላይ ይበልጥ ይታያል። የሚወጣው ውሃ ንጹሕ ከሆነ ደህና። ጥቁርና ቅባታም ከሆነ ግን ኮምፕሬሰሩ የሞተር ዘይት እያሳለፈ ነው፤ ያ ዘይት የቫልቮቹን ጎማ ያበላሻል።

ከአየሩ ቀጥሎ ሰልጣኙ መኪናው ሥር ይግባ። የእጅ ፍሬኑ ተለቆ፣ ጎማዎቹ በታኮ ተይዘው፣ የፍሬን ማስተካከያውን ክንድ በእጁ በኃይል ይጎትተው። ከ2.5 ሳንቲ ሜትር በላይ ከሄደለት መስተካከል አለበት ማለት ነው። ታምቡር (ከጎማው ጋር የሚዞረው ክብ ብረት) ሲግል ይሰፋል፤ ሲሰፋ ሸራው (ታምቡሩን ፈትጎ የሚያቆመው) ታምቡሩን ለመንካት ክንዱ ይበልጥ መሄድ ይኖርበታል። ሲቀዘቅዝ "ትንሽ ብቻ ልል" የነበረው ፍሬን ቁልቁለቱ መሐል ክንዱ መጨረሻው ደርሶ ኃይል ያጣል። ግቢ ውስጥ ደህና የያዘ ፍሬን ተራራ ላይ እምቢ የሚለው አንዱ ትልቅ ምክንያት ይህ ነው። ራሱን የሚያስተካክል ክንድ ያለው መኪና ላይ ደግሞ የተለመደ ስሕተት አለ፦ ሲላላ በቁልፍ አጥብቆ መሄድ። ራሱን ማስተካከል የነበረበት ነገር ካልተስተካከለ ተበላሽቷል፤ በቁልፍ ማጥበቅ ችግሩን ለጥቂት ቀን ይሸፍነዋል እንጂ አይፈታውም።

ሁለተኛው ቀን የመቀጠልና የመፍታት ነው። ከሁሉ የሚያስፈራኝ ቀዩ ቱቦ ነው። ቀዩ ለተሳቢው ታንክ አየር ይመግባል፤ ቢጫው ሾፌሩ ፔዳል ሲረግጥ ትእዛዙን ያደርሳል። ቀዩ ሲነቀል ተሳቢው ራሱን ይይዛል፣ ሲሰካ ደግሞ ይለቃል። እንግዲህ የእጅ ፍሬኑን ሳይስብ ወርዶ፣ በመኪናውና በተሳቢው መሐል ገብቶ ቀዩን የሰካ ሰው፣ ይዞት የነበረውን ብቸኛ ፍሬን በገዛ እጁ ለቀቀው ማለት ነው፤ ያ ሁሉ ብረት እሱን መሐል አድርጎ ይንቀሳቀሳል። ስለዚህ ቅደም ተከተሉ በቃል ይደገም፣ በእጅም ይደገም፦ የመኪናው የእጅ ፍሬን ይሳብ፣ ሞተር ይጥፋ፣ የተሳቢው ማቆሚያ ቁልፍ ይታይ፣ ታኮው ይታይ፣ ከዚያ ቱቦ ይነካ። ሃያ ጊዜ ያህል ካልደጋገመው እጁ አይለምደውም።

ሁለቱ ቱቦዎች እንዳይለዋወጡ ጫፎቻቸው ተለይተው የተሠሩ ናቸው። ሆኖም ያረጀ ወይም በሌላ የተተካ ጫፍ ሲለዋወጥ ይስማማል። ቱቦዎቹ ከተለዋወጡ የተሳቢው ታንክ አይሞላም። ሞላ ያለው ተሳቢ አልንቀሳቀስ ስለሚል ስሕተቱ ይታወቃል። ሞላ የሌለው አሮጌ ተሳቢ ግን ታንኩ ባዶ ከሆነ እሺ ብሎ ይከተላል፣ ፍሬን ግን የለውም። መላው አጭር ነው፦ ከግቢ ሳይወጡ በእርምጃ ፍጥነት እየሄዱ የተሳቢውን ፍሬን ለብቻው መያዝ። ካልጎተተ ወደ ኋላ ተመልሶ ቱቦውን ማየት ነው።

ራስጌው መኪናው ላይ የሚቀመጠው ግማሽ ተሳቢ ሲሆን የሚፈተሸው ፒኑ፣ ከራስጌው ሥር ወጥቶ መኪናው ላይ ባለው መንጋጋ የሚያዘው ብረት፣ ነው። ፒኑ ወደ 5 ሳንቲ ሜትር ውፍረት አለው። "ቋ" ማለቱ መያዙን አያረጋግጥም። ሾፌሩ ወርዶ በባትሪ መብራት መንጋጋው ፒኑን ከኋላ መዝጋቱን፣ መኪናውና ተሳቢው በሚነካኩባቸው ሁለት ጠፍጣፋ ብረቶች መሐል ብርሃን አለማለፉን በዓይኑ ይይ። ተሳቢው ከፍ ብሎ ቆሞ ከሆነ ፒኑ ከመንጋጋው በላይ ያልፋል፣ ድምፁ ግን ያው ይመስላል። ከዚያ የተሳቢው ፍሬን እንደተያዘ በዝቅተኛ ማርሽ ቀስ ብሎ መጎተት፤ የድጋፍ እግሮቹ የሚነሱት ከዚህ በኋላ ነው።

ወደ ኋላ መንዳት ላይ አንድ ነገር ልብ ይባል፦ ግማሽ ተሳቢና ሙሉ ተሳቢ በተቃራኒ ነው የሚታዘዙት። ግማሽ ተሳቢ አንድ መታጠፊያ አለው፤ መሪው ወደ ግራ ሲዞር የተሳቢው ጭራ ወደ ቀኝ ይሄዳል። ሙሉ ተሳቢ ግን ሁለት ቦታ ይታጠፋል፣ አንዱ መሳቢያው የተያያዘበት፣ ሌላው የፊት አክሱ የሚዞርበት። ሁለተኛው መታጠፊያ የመጀመሪያውን አቅጣጫ ስለሚገለብጠው መሪው ወደ ግራ ሲዞር ጭራው ወደ ግራ ይሄዳል። በኮንቴይነር መኪና የሠለጠነ ጎበዝ ሾፌር ሙሉ ተሳቢ ሲሰጡት እንደ ጀማሪ የሚሆነው በዚህ ነው፤ እንዳያፍርበት አስቀድሞ ይነገረው። ሙሉ ተሳቢ ላይ የመሪው እንቅስቃሴ ትንሽ፣ ፍጥነቱ የኤሊ ይሁን፤ ከተበላሸ ወደ ፊት ስቦ ማቃናት እንጂ በመሪ ለማዳን መታገል መሳቢያውን ያጣምመዋል።

ሦስተኛው ቀን የቁልቁለት ነው። ለዚህ አዳማን የመሰለ ትምህርት ቤት የለም፤ የአሰላ መንገድ አጠገባችን ነው። አሰላ ከ2,400 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ናት፤ በኢተያና በዴራ በኩል ወደ አዳማ ሲወረድ ወደ 700 ሜትር ገደማ ዝቅ ይባላል፣ የአርሲ ስንዴም ተጭኖ የሚወርደው በዚሁ ነው። የጅቡቲው መንገድ ብዙ ኪሎ ሜትር ላይ ተዘርግቶ ስለሚወርድ ቁልቁለት ለማስተማር የአሰላው ይሻላል። መጀመሪያ ባዶውን፣ ቀጥሎ በግማሽ ጭነት፣ ከዚያ በሙሉ ይወረድ።

ፍሬን ለምን እንደሚግል በቁጥር ሲነገር ይገባል። በጠቅላላው 50 ቶን የሚመዝን መኪና 100 ሜትር ዝቅ ሲል የሚለቀው ኃይል 49 ሜጋ ጁል ያህል ነው። ይህ ወደ 145 ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ ለማፍላት የሚበቃ ሙቀት ነው። ሞተሩ ካልያዘው የሚሄደው ወደ ታምቡሮቹ ብቻ ነው። ታምቡሮቹ አንድ ላይ 500 ኪሎ ብረት ቢሆኑ፣ ነፋሱ የሚወስደውን ትተን፣ እያንዳንዱ 100 ሜትር 200 ዲግሪ ገደማ ይጨምርባቸዋል። ዜሮ ማርሽ ላይ አድርጎ ናፍታ "የሚቆጥብ" ሾፌር የሚያደርገው ይህን ነው።

ማርሹ የሚመረጠው ቁልቁለቱ ሳይጀመር ነው፤ መኪናው ከፈጠነ በኋላ ዝቅ ማድረግ አይቻልም፣ ሲሞክሩት ዜሮ ላይ ይቀራል። "በወጣህበት ማርሽ ውረድ" የሚለው የድሮ ብሂል ለአሮጌ መኪኖች ይሠራ ነበር። ጉልበታሞቹ አዳዲስ ሞተሮች ዳገቱን በከፍተኛ ማርሽ ስለሚወጡት በዚያው ማርሽ ቢወርዱ አይያዙም፤ አንድ ወይም ሁለት ዝቅ ይደረግ። የሞተር ፍሬኑ በርቶ፣ ፍጥነቱ የተወሰነው ላይ፣ ለምሳሌ በሰዓት 40 ኪሎ ሜትር፣ ሲደርስ ፔዳሉ ጠንከር ተደርጎ ለሦስት ሰከንድ ያህል ይረገጥና ወደ 32 ሲወርድ ሙሉ በሙሉ ይለቀቅ። እንደገና 40 ሲደርስ ይደገም። እግርን ፔዳል ላይ ጥሎ እያሻሹ መውረድ ታምቡሩን ፋታ ይነሳዋል።

የሸራ ሽታ ከመጣ መቆም ነው። ከቆሙ በኋላ ሁለት ነገር ክልክል ነው፦ በጋለ ታምቡር ላይ ውሃ መድፋት፣ ምክንያቱም ይሰነጠቃል፤ የእጅ ፍሬን መሳብም እንዲሁ፣ ሙቀቱ ይጎዳዋል፤ ታኮ ተደርጎ ይቀዝቅዝ። ረዳቱ ጄሪካኑን አንስቶ ሲሮጥ የሚያስቆመው ሾፌር መሠልጠኑ ያኔ ይታወቃል።

ጎማን በአጭሩ። ነፋሱ የሚለካው ጠዋት፣ ጎማው ሳይሞቅ ነው። መተሐራን አልፎ ሎጊያ ላይ ጎማው ሲግል ግፊቱ ስለሚጨምር "በዛ" ብሎ ማስተንፈስ ስሕተት ነው፤ ሲቀዘቅዝ ያንሳል፣ ያነሰ ጎማ ደግሞ ይበልጥ ይግልና ይፈነዳል። ጎማ ከተቀየረ ብሎኖቹ በተቃራኒ አቅጣጫ እየተዘለለ ይጠበቁና ከ50 እስከ 100 ኪሎ ሜትር ውስጥ እንደገና ይታዩ። አዳማ ላይ የተቀየረ ጎማ መተሐራ ከመድረሱ በፊት አንዴ ቁልፍ ይነካው ማለት ነው። ብሎኑ ዙሪያ የዝገት ጭረት ከታየ ላልቶ እየተንቀሳቀሰ ነው።

ለባለንብረቶች የምለው ስለ ክፍያ ነው። ሾፌርና ረዳት በምልልስ ሲከፈላቸው ቆሞ የሚሰጥ ሥልጠና ለእነሱ ኪሳራ ነው፤ የሦስቱን ቀን አበል ካልቆረጣችሁላቸው በልባቸው መንገድ ላይ ሆነው ነው የሚማሩት። አሠልጣኝ አድርጋችሁ የምትመድቡት ነባር ሾፌርም ከሁሉ የሚፈጥነው አይሁን፤ ሸራና ጎማ ከሁሉ የሚበረክትለትን ምረጡ። ባቡሩ በታኅሣሥ 2010 የንግድ አገልግሎት ከጀመረ ወዲህ አጭር ምልልስ፣ ኮንቴይነር ከደረቅ ወደብ ወደ መጋዘን ማድረስ፣ ራሱን የቻለ ሥራ ሆኗል። በረጅም መንገድ በሳምንት አንዴ የሚቀጥልና የሚፈታ ሾፌር እዚህ በቀን ደጋግሞ ያደርገዋል። ስለዚህ ለዚህ ሥራ የሚመደበው ሰው የሁለተኛውን ቀን ትምህርት ሁለት ጊዜ ይውሰድ፤ አራቱም የኮንቴይነር መቆለፊያዎች መዘጋታቸውን በእጁ እየዳሰሰ ማየትም ይጨመርበት።

የመጨረሻውን ፈተና በማታ ስጡት። ግቢው ጨለማ ይሁን፣ ተሳቢው ተፈትቶ ይቁም፣ አሠልጣኙ አስቀድሞ ሦስት ነገር ያበላሽ፦ አንድ የአየር መገጣጠሚያ ላላ ያድርግ፣ አንድ የኋላ መብራት ይንቀል፣ አንዱን ታኮ ያንሳ። ሰልጣኙ አንድ የባትሪ መብራት ብቻ ይዞ ይቀጥል። ሦስቱንም አግኝቶ ቱቦውን የነካው ታኮውን ከመለሰ በኋላ ከሆነ ቁልፉን ስጡት። ታኮውን ሳያይ ቀዩን ቱቦ ካነሳ ሌላ ሳምንት ይማር።