በፕራግ አደባባይ፣ ከጠዋቱ አምስት ሰዓት

ለሁለት ሳምንት ሥልጠና ቪየና ሄጄ ሳለ አንድ ቅዳሜና እሑድ ሥራ የሌለበት ስላገኘሁ፣ ዓርብ ከሰዓት በኋላ ባቡር ተሳፍሬ ወደ ፕራግ ሄድሁ። መንገዱ አራት ሰዓት ያህል ይፈጃል፤ አብዛኛውን ተኝቼ ስላሳለፍሁት የምጽፈው የለኝም። ስለ ቼክ ሰው ከዚያ በፊት የማውቀው ቢኖር፣ በጣልያን ወረራ ጊዜ በሰሜን ግንባር ከራስ ካሳ ጦር ጋር የነበረውን የአዶልፍ ፓርለሳክን ስም ነው። ከተማዪቱን ግን በፎቶግራፍ ካልሆነ በቀር አላውቃትም ነበር።

ሌሊቱ ክፉ ነበር። ያረፍሁበት ርካሽ ማደሪያ ስድስት ሰው በአንድ ክፍል የሚያሳድር ሲሆን፣ ከእኔ በቀር ያሉት አምስቱ ጓደኛቸው ከማግባቱ በፊት አብረውት ሊጠጡና ሊጨፍሩ ከሌላ አገር የመጡ ወጣቶች ነበሩ። እስከ ሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ሲገቡና ሲወጡ፣ መብራት ሲያበሩና ሲያጠፉ፣ እንቅልፍ የሚባል ነገር በዓይኔ ሳይዞር ነጋ። ወቅቱ ዐቢይ ጾም ስለነበር ደግሞ ጠዋት የቀረበው እንቁላል፣ አይብና ቋሊማ ለእኔ የሚሆን አልነበረም። ቅዳሜ በመሆኑ እስከ ዘጠኝ ሰዓት መቆየት ስላላስፈለገኝ፣ ዳቦ በማርማላታ በልቼ ሻይ ጠጥቼበት ወጣሁ።

ቀኑ መጋቢት 13 ቀን 2017 ዓ.ም. ነበር፤ ቀኑን የምጠቅሰው በኋላ ለምነግረው ነገር ስለሚያስፈልግ ነው። በእኛ አቆጣጠር ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ፣ ወደ አሮጌው ከተማ አደባባይ በሚወስደው መንገድ ዳር ካለ አንድ የምንዛሪ ቤት ገብቼ 100 ዩሮ ሰጠሁ። በሩ ላይ ኮሚሽን እንደማይከፈል በትልቁ ተጽፎአል። ሴትዮዋ ቆጥራ የሰጠችኝ 1,650 ኮሩና (የቼክ ገንዘብ) ነው። ስንት መሆን እንደነበረበት ስላላወቅሁ ደረሰኙን ከገንዘቡ ጋር አጥፌ ኪሴ ከትቼ ወጣሁ።

የተመዘገብሁበት የእግር ጉብኝት ሁለት ሰዓት ተኩል የሚፈጅ ሲሆን፣ ዋጋ አይቆረጥለትም፤ መጨረሻ ላይ እያንዳንዱ ጎብኚ የመሰለውን ጉርሻ ለአስጎብኚው ይሰጣል። ሃያ ያህል ሰዎች ተሰብስበን አራት ሰዓት ላይ ተነሣን። አስጎብኚያችን ቢጫ ዣንጥላ የያዘ፣ ዩኒቨርሲቲ ታሪክ የሚያጠና ቀጭን ወጣት ነበር። ድምፁ ዝቅ ያለ ስለነበር ከኋላ ያሉት ያጉረመርማሉ፤ እኔ ግን ጥጉን ይዤ ስለተከተልሁት አንድም ቃል አላመለጠኝም።

አደባባዩ ላይ መጀመሪያ ያቆመን በያን ሁስ ሐውልት ሥር ነው። ሁስ የቤተ ክርስቲያንን ብልሹ አሠራር ተቃውሞ በመስበኩ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1415 ኮንስታንስ ላይ በእሳት የተቃጠለ ካህን ነው፤ ሐውልቱም የተመረቀው ልክ በአምስት መቶኛ ዓመቱ፣ በ1915 ነው። አስጎብኚው ቀጥሎ የነገረን ነገር ልቤን ነካው። በዚያ ዘመን በምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን ምእመናን ሲቆርቡ ኅብስቱ ብቻ ነበር የሚሰጣቸው፤ ጽዋው ለካህናት የተለየ ነበር። የሁስ ተከታዮች ምእመናንም ከጽዋው ይቀበሉ አሉ፤ ከ1419 ጀምሮ ከአሥር ዓመት በላይ በዘለቀው ጦርነትም ጽዋን በሰንደቃቸው ላይ ሥለው ተዋጉ። ከልጅነቴ ጀምሮ ሥጋውንና ደሙን አብሬ ስቀበል የኖርሁ እኔ፣ ሰዎች ለዚህ ብለው ደማቸውን ያፈሰሱበት መሬት ላይ እንደምቆም አልጠበቅሁም ነበር። ከፊት ለፊታችን ባለው በሁለት ሾጣጣ ማማዎች በሚታወቀው የቲን ቤተ ክርስቲያን ግንባር ላይ በወርቅ የተለበጠ ትልቅ ጽዋ ቆሞ ነበር አሉ። ሁሳውያኑ ከተሸነፉ በኋላ ጽዋው ወርዶ በቦታው የእመቤታችን ምስል ቆመ፤ በራሷ ዙሪያ ያለው የብርሃን አክሊልም ከዚያው ጽዋ ቀልጦ የተሠራ ነው ይባላል። እኔ እመቤታችንን ሳይ ተሳልሜ፣ ስለ ጽዋው ደግሞ አዘንሁ፤ ሁለቱን ማጣላት ምን ያስፈልግ ነበር?

ከማዘጋጃ ቤቱ ግድግዳ ሥር በድንጋይ ንጣፉ ላይ 27 ነጫጭ መስቀሎች አሉ። በ1620 በነጭ ተራራ ጦርነት የተሸነፉ የቦሔሚያ (የድሮው የቼክ መንግሥት) መሪዎች በቀጣዩ ዓመት በጁን 21 በዚያ ቦታ በሞት ተቀጥተዋል፤ መስቀሎቹ በቁጥራቸው ልክ ናቸው። ሰው ሳያውቅ ይረግጣቸዋል። ከማዘጋጃ ቤቱ ጎን ባዶ የሆነ ቦታ ይታያል፤ በ1945 ጦርነቱ ሊያበቃ ሲል የጀርመን ወታደሮች በመቱት ጊዜ የተቃጠለው ክንፍ የነበረበት ነው፤ እስከ ዛሬም ሌላ ሕንፃ አልተተካበትም። ፒያሳ ያደግሁ ሰው ስለሆንሁ፣ በቅርቡ የፈረሱት የሰፈሬ ቤቶች በዚያ ባዶ ቦታ ላይ መጡብኝ፤ ለጥቂት ጊዜም የአስጎብኚውን ንግግር አልሰማሁም።

አምስት ሰዓት ሊሞላ ሲል በማዘጋጃ ቤቱ ማማ ላይ ወዳለው፣ የፀሐይንና የጨረቃን ጉዞ ወደሚያሳየው፣ በቼክኛ ኦርሎይ ወደሚሉት የፈለክ ሰዓት ወሰደን። በ1410 የተሠራ ሲሆን፣ ሠሪው የካዳኙ ሚኩላሽ የተባለ የእጅ ባለሙያ፣ የፈለኩን ስሌት ያወጣው ደግሞ ያን ሺንዴል የተባለ የዩኒቨርሲቲ መምህር እንደሆነ ይታመናል። ሕዝቡ ግን ሌላውን ታሪክ ይወዳል፦ ሃኑሽ የተባለ ሊቅ ሰዓቱን ከሠራ በኋላ ለሌላ ከተማ እንዳይሠራ ሹማምንቱ ዓይኑን አሳወሩት የሚለውን። አስጎብኚው ተረት መሆኑን እየነገረን እንኳ ሰው ሁሉ የሚጠይቀው ስለ ዓይኑ ነበር። ሰዓቱ ሲደውል በጎኑ የቆመው የዐፅም ምስል ገመድ ይስባል፣ መስኮቶቹ ተከፍተው ሐዋርያት በተራ ያልፋሉ፣ በመጨረሻ ዶሮ ይጮኻል፤ አንድ ደቂቃ እንኳ አይሞላም። በመቶ የሚቆጠሩ ስልኮች ተነሥተው ወረዱ። አስጎብኚውም «ውጪኛው ቀለበት የድሮ የቼክ ሰዓት ነው፤ ከፀሐይ መግቢያ ጀምሮ የሚቆጥር» ብሎ ዣንጥላውን አንሥቶ መሄድ ጀመረ።

እኔ ከቆምሁበት አልተንቀሳቀስሁም።

ይህ ለምን እንደያዘኝ ላስረዳ። የእጅ ሰዓቴን በሄድሁበት አገር ሁሉ የማስተካክለው በእኛ አቆጣጠር ነው፤ የአባቴ ልማድ ነው። በዚያው ሳምንት ቪየና ላይ አንድ የሥልጠና ባልደረባዬ አይቶት «ሰዓትህ ስድስት ሰዓት ተሳስቷል» ብሎኝ ነበር። አስረዳሁት፤ እሱም «ለእናንተ አይከብድም?» አለኝ። ቀን ከፀሐይ መውጫ፣ ሌሊት ከፀሐይ መግቢያ መቆጠሩ ለእኛ የተፈጥሮ ያህል ነው፤ ከቤታችን ስንወጣ ግን ሁልጊዜ ማብራሪያ የሚጠየቅበት የብቻችን ልማድ ሆኖ ይታያል። አሁን ደግሞ በአውሮፓ እምብርት፣ ስድስት መቶ ዓመት ባለፈው ሰዓት ላይ፣ ያው አቆጣጠር በወርቅ ተጽፎ ፊት ለፊቴ ቆሞአል።

ቀረብ ብዬ አየሁት። ውጪኛው ጥቁር ቀለበት ከ1 እስከ 24 በጥንታዊ አጻጻፍ የተጻፉ የወርቅ ቁጥሮች አሉበት፤ አራት ቁጥር የተቋጠረ ክር ይመስላል። የፀሐይ መግቢያ በየዕለቱ ስለሚለዋወጥ ቀለበቱም ዓመቱን ሙሉ ቀስ እያለ ይዞራል። ጫፏ ላይ የሰው እጅ የተቀረጸባት የወርቅ ዘንግ 17 ቁጥር ላይ ልትደርስ ጥቂት ቀርቶአታል። ቆጠርሁ፤ ከትናንት ማታ 12 ሰዓት ጀምሮ ሌሊቱ አሥራ ሁለት፣ ከጠዋት ወዲህ አምስት፣ ድምሩ አሥራ ሰባት። ከውስጥ ደግሞ በቀጫጭን የወርቅ መስመሮች የተከፈሉ ሌሎች ሰዓታት አሉ፤ ከፀሐይ መውጫ እስከ መግቢያ ያለውን ቀን፣ ይርዘምም ይጠርም፣ ለአሥራ ሁለት የሚከፍሉ ናቸው። ጊዜው ቀንና ሌሊት እኩል የሚሆኑበት ስለነበር፣ በዘንጉ ላይ ያለችው ትንሽ ፀሐይ ወደ 5 ተጠግታ ነበር። እጄን አየሁ፤ የእኔም ሰዓት አምስት ይላል።

አስጎብኚው የቀረሁ መስሎት ተመልሶ መጣ። የእጅ ሰዓቴን አሳየሁትና ነገሩን ነገርሁት። መጀመሪያ ዝም አለ፤ ከዚያ «ዛሬም በዚህ የሚኖር አገር አለ ማለት ነው?» አለ። «አዎን፤ ከመቶ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ያለበት» አልሁት። ወዲያው ቡድኑን ሁሉ መልሶ ጠራና «እኚህ ሰው የድሮውን ሰዓት ሊያነቡልን ይችላሉ» ብሎ ቦታውን ለቀቀልኝ። የእንግሊዝኛ ንግግሬ የተዘጋጀ ባይሆንም፣ በእኛ ዘንድ ቀኑ ከፀሐይ መውጫ፣ ሌሊቱ ከፀሐይ መግቢያ እንዴት እንደሚቆጠር፣ በቤተ ክርስቲያንም በዓል ከዋዜማው ማታ እንደሚገባ አስረዳኋቸው። አንዲት አረጋዊት ሴት የእጅ ሰዓቴን በእጃቸው ይዘው ከማማው ጋር ሲያነጻጽሩ ሳይ በጣም ደስ አለኝ።

ለዕረፍት አሥር ደቂቃ በተሰጠን ጊዜ ወጣቱ ቡና ልጋብዝዎ አለኝና፣ ስከለክለው ገንዘብ የት እንደመነዘርሁ ጠየቀኝ። ደረሰኙን ሲያይ ፊቱ ተለዋወጠ። 100 ዩሮ በዚያ ሳምንት 2,500 ኮሩና ገደማ ያወጣ ነበር፤ ሲሶውን ያህል ወስደውብኛል። ነገር ግን እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከ2019 ጀምሮ በሥራ ላይ ባለው የአገሪቱ ሕግ መሠረት፣ እስከ 1,000 ዩሮ የሚደርስ ገንዘብ የመነዘረ ሰው በሦስት ሰዓት ውስጥ ደረሰኙን ይዞ ቢመለስ ውሉን ማፍረስ ይችላል። ከመነዘርሁ ሁለት ሰዓት እንኳ አልሞላኝም። አብሮኝ በፈጣን እርምጃ ሄዶ በመስኮቱ በኩል በቼክኛ ሁለት ዐረፍተ ነገር ተናገረ፤ ሴትዮዋ ቀና ብላም ሳታየን ኮሩናውን ተቀብላ 100 ዩሮዬን መለሰች። ከዚያ በአንድ ጓሮ መንገድ ካለ ሌላ የምንዛሪ ቤት በዚያው 100 ዩሮ 2,470 ኮሩና አገኘሁ። ፕራግ የሚሄድ ወገን ደረሰኙን እንዳይጥል አደራ እላለሁ።

ቀጣዩ ዮሴፎቭ የተባለው የአይሁድ ሰፈር ነበር። ቅዳሜ በመሆኑ የፒንካስ ምኵራብም ጥንታዊው መቃብርም ዝግ ነበሩ፤ በምኵራቡ ግድግዳ ላይ በናዚዎች የተገደሉ የ80,000 ገደማ የቼክ አይሁዶች ስም በእጅ ተጽፎአል። አንዳንዶች መዘጋቱ አናደዳቸው፤ እኔ ግን ሰንበት ከትናንት ፀሐይ መግቢያ ጀምሮ ገብቶ እንደነበር ሳስብ፣ ከአደባባዩ ጥቂት መንገድ ርቆ ያው አቆጣጠር እስከ ዛሬ በሥራ ላይ እንዳለ ታየኝ። በቀድሞው የአይሁድ ማዘጋጃ ቤት ላይ ሁለት ሰዓቶች አሉ፤ የታችኛው ቁጥሮቹ የዕብራይስጥ ፊደላት ናቸው፤ ጽሕፈቱ ከቀኝ ወደ ግራ እንደሚነበብ ሁሉ ዘንጎቹም ወደ ግራ ይዞራሉ። አስጎብኚው ወደ እኔ ዘወር ብሎ «ይህንንስ ያነቡታል?» አለኝ። ይህኛውን አልቻልሁም።

የቻርልስ ድልድይ ላይ የቀረን ጊዜ ጥቂት ነበር፤ ሰዉ እርስ በርሱ እየተገፋፋ የሚያልፍበት ስለሆነ ሠላሳዎቹን ሐውልቶች በወጉ ማየት አይቻልም። በጠዋት መምጣት ያስፈልጋል። እዚያው ተሰነባበትን፤ ለወጣቱ 500 ኮሩና ሰጠሁት፤ ከመነዘርሁበት ቤት ካስመለሰልኝ ያነሰ ስለነበር ልጨምርለት ብል እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ እንቢ አለ። ከሰዓት በኋላ ያለ ሥጋና ያለ ቅቤ የሚያበላ ቤት ስፈልግ ቆይቼ ድንች በጎመን በላሁ።

ማታ 12 ሰዓት ሊሆን ሲል ወደ ኦርሎይ ተመለስሁ። ሕዝቡ እንደ ጠዋቱ ሞልቶ ነበር፤ ሐዋርያት አለፉ፣ ዶሮው ጮኸ፣ ስልኮቹ ወረዱ፣ ሰዉም ተበተነ። ፀሐይ የምትገባው ከዚያ ሩብ ሰዓት ያህል ዘግይታ ስለነበር፣ ብርዱን ታግሼ ከግድግዳው ፊት ለፊት ቆምሁ። የወርቋ እጅ መንቀሳቀሷ ለዓይን አይታይም። የቤቶቹ ጣሪያ መቅላቱን ተወ፣ መብራቶች በሩ፣ እርግቦቹ ወደ ማማዎቹ ወጡ። ቀና ስል የእጇ ጣት የተቋጠረ ክር በመሰለው አራት ላይ፣ በ24 ቁጥር ላይ ነበረች። እሑድ ገባ። አማትቤ ወደ ማደሪያዬ ሄድሁ።